ቅጠል ያሉት ጆሮ

ጥሩአየሁ አምደወርቅ ከተማ ካለው ወፍጮ ቤት ተራዋን ስትጠብቅ በሩ ላይ የተለጠፈውን ወረቀት አየችና ሳቀች። ወረቀቱ የሚያስቅ አልነበረም። ከላይ ደማቅ ጽሑፍ፣ ከታች ክብ ማኅተም፣ መሀሉ ላይ አንድ አረንጓዴ ሥዕል ያለበት የመንግሥት ማስታወቂያ ነው። ማንበብ አትችልም፤ ሥዕሉን ግን ከልጅነቷ ጀምሮ ታውቀዋለች። ወደ ታች የተንጠለጠለ ረዘም ያለ ነገር፣ ጫፉ ለሁለት የተሰነጠቀ፣ አንደኛው ጠርዙ ሁለት ቦታ የተሸረፈ። የአባቷ የፍየል ምልክት ነው። ዛሬ ጠዋት ከበረት ስታወጣቸው በአሥራ አንዱም ፍየሎቿ ጆሮ ላይ አይታዋለች። ብቻ የሳለው ሰው አገላብጦታል፤ የቀኙን ጆሮ የግራ አስመስሎታል።

«ምን አሳቀዎት እማማ?» አላት ባለ ወፍጮው፣ ዱቄት የለበሰ ቅንድቡን ሰቅሎ።

«ይህ ወረቀት ምን ይላል ልጄ?»

ባለ ወፍጮው የሞተሩን ጩኸት እየተሻማ አነበበላት። ታጋይ መልአኩ ደርግን ሲታገል ኖሮ፣ ተሰዶ ካርቱም ላይ ያረፈ የዋግ ልጅ ነው። ሴት ልጁ ወይዘሮ የትናየት የአባቷን ዕቃና ጽሑፍ በሳንዱቅ ይዛ አገሯ ገብታለች። የቅርብ ዘመዱ ነኝ የሚል ማስረጃውን ይዞ ሰኔ ሰባት ቀን አምደወርቅ አዳራሽ ይቅረብ። ዘመድ ካልተገኘ ሳንዱቁ አዲስ አበባ ተወስዶ በክብር ይቀመጣል።

«ሥዕሉስ?»

«እሱ የነጻነት ቅጠል ነው። ከሥሩ ተጽፏል። የድርጅታቸው ዓርማ ነበር።»

«ቅጠል» አለች ጥሩአየሁ።

«አዎ፣ ቅጠል።»

«የምን ቅጠል?»

«እሱን አልጻፉትም። ለእኔ ግን አንበጣ የቀመሰው ነው የሚመስለኝ።»

ጥሩአየሁ እንደገና ልትስቅ ስትል ሳቁ መሀል መንገድ ላይ ቀረ። የነጠላዋን ጫፍ አንሥታ አፏ ላይ ያዘች። ዱቄቷን ተቀበለች፣ አህያዋ ላይ ጫነች፣ እስከ ቤቷ ያለውን የሁለት ሰዓት መንገድም አህያዋን ከኋላ ሆና ሳይሆን ከፊት ሆና እየጎተተች ወጣችው።

መልአኩን በዋግ የማያውቅ የለም። ከተማሪ ቤት ወጥቶ ጫካ የገባ፣ ዋሻ ውስጥ ወረቀት እያተመ የሚበትን፣ በአንድ ገበያ ቀን ሦስት ከተማ ታየ የሚባልለት ሰው ነው። የማይታወቀው የማን ልጅ እንደሆነ ነው። የአባት ስም አልነበረውም። የጠየቁት ሁሉ ያገኙት መልስ «ከደሃና ደጋ ነኝ» የሚል ብቻ ነው፤ የደሃና ደጋ ደግሞ ሰፊ ነው።

ጥሩአየሁ የማን ልጅ እንደሆነ ታውቃለች። የእናቷና የአባቷ ልጅ ነው፤ በሦስት ዓመት የሚበልጣት ወንድሟ። ልጁ ሰቆጣ ተምሮ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ በዚያው ቀረ ሲባል፣ አንድ የጥቅምት ጠዋት ጠመንጃ አንግቶ የአባቱ በረት ደጃፍ ላይ ቆመ። አባቱ ግልገሎች ላይ ምልክት እያደረገ ነበር። ልጁ ጠመንጃውን አጥሩ ላይ አስደግፎ እንደ ድሮው ግልገል ያዘለትና እየያዘ ተናገረ። ከእንግዲህ ስሜ መልአኩ ነው፤ እናንተን አላውቃችሁም፣ እናንተም አታውቁኝም አለ። ሰባት ግልገል አስቆርጦ ሄደ። ከዚያ ወዲህ አላዩትም።

ወታደሮች ዘመድ ፍለጋ ወደ ደጋው መውጣት ሲጀምሩ የሰፈሩ ቄስ አባ ገብረ ጻድቅ ሰውን ሁሉ ሰብስበው ገዘቱ። መስቀላቸውን አንሥተው እንዲህ አሉ፦ የዚያን ልጅ ስም የጠራ፣ የእኛ ነው ያለ፣ ይህን ግዝት እንኳ ያወራ፣ እኔ እስክፈታው ድረስ የተገዘተ ይሁን። ሰዉ አሜን አለ። ወታደሮቹ መጡ፣ ጠየቁ፣ ገረፉ፣ ምንም ሳያገኙ ተመለሱ። ሰፈሩ ተረፈ። ችግሩ አባ ገብረ ጻድቅ በሰባ ሰባቱ ረሀብ ሳይፈቱት ማረፋቸው ነው። ያን ቀን አሜን ካሉት ውስጥ ዛሬ በሕይወት ያሉት ሁለት ናቸው፤ ጥሩአየሁና ባሏ አሻግሬ።

አሻግሬ አጥር ሲጠግን ደረሰችበት። ቤታቸው ውስጥ የሚነጋገሩት በኽምጣና ነው፤ አማርኛው ለገበያና ለቢሮ ነው የሚወጣው።

«የአባቴን ፍየል ወፍጮ ቤት ለጥፈዋታል» አለችው።

«ምን አልሽ?» አሻግሬ ጆሮው ከብዷል፤ ቢያንስ ሥራ ሲታዘዝ ይከብደዋል።

«የአባቴን ፍየል። ጆሮዋን። በወረቀት።»

የሰማችውን ሁሉ ነገረችው። አሻግሬ እሾሁን አስቀምጦ አዳመጠ።

«ስሙን ጠሩት?»

«መልአኩ ብለው።»

«እንግዲያው አልጠሩትም» አለ። እሾሁን መልሶ እያነሣ «ልጅ አለችው በይኛ» አለ።

«የትናየት ይሏታል።»

«አክስት እንዳላት አታውቅም።»

«እንዴት ታውቃለች? እንዴት ብዬ ልንገራት?»

አሻግሬ ወደ አጥሩ ተመለሰ። ጥሩአየሁ ሌሊቱን ሳይሆን ቀኑን ነው ያልቻለችው። ስታልብም ስትጠርግም ሳንዱቁ ይመጣባታል። የወንድሟ እጅ የነካው ዕቃ ሁለት ሰዓት መንገድ ላይ ተቀምጧል፤ የወንድሟ ልጅ ከሳንዱቁ አጠገብ ተቀምጣለች፤ ሰኔ ሰባት ካለፈ ሁለቱም ይሄዳሉ። የሚያስቀራቸው አንድ ቃል ነው፣ እሱን ደግሞ አፏ ማውጣት አይችልም። በማግስቱ የሰፈሩ ቄስ ወደሆኑት ወደ ወጣቱ ቄስ ገብረ አምላክ ሄደች።

«አባቴ፣ ግዝት አለብኝ። ይፍቱኝ።»

«እግዚአብሔር ይፍታዎት እናቴ። ማን ነው የገዘተዎት?»

ጥሩአየሁ ዝም አለች።

«ጥሩ። ምን እንዳያደርጉ ነው የተገዘቱት?»

«እንዳልናገር።»

«ምን እንዳይናገሩ?»

«እሱን ነዋ የማልናገረው።»

ቄስ ገብረ አምላክ ዐይናቸውን ጠበብ አደረጉ። «እናቴ፣ ቋጠሮ ለመፍታት ቋጠሮው የት እንዳለ ማየት አለብኝ። የማላውቀውን ግዝት ፈታሁ ብል ነገ ደግሞ ሌባው ሁሉ ይመጣብኛል። ጉዳዩን ብቻ ይንገሩኝ።»

«ጉዳዩን ከነገርኩዎትማ ምን ፍቱኝ ያሰኘኛል?»

ቄሱ ሊስቁ ፈልገው በአክብሮት ተዉት። «ያስቡበትና ይምጡ» አሉ። ጥሩአየሁም መስቀል ተሳልማ ወጣች።

ያሰበችው በረት ውስጥ ነው። ከቅርቡ ጦርነት በፊት ሃያ ሁለት የነበሩት፣ አሁን አሥራ አንድ ብቻ የሆኑት ፍየሎቿ ዙሪያዋን ከበው ጨው ያለበት እጇን ይልሳሉ። አባቷ ከሞተ ጀምሮ በየዓመቱ ግልገል በተወለደ ቁጥር ምልክቱን የምትቆርጠው እሷ ናት። የጎረቤት ሴቶች «ይህን ያህል ምን አስጨነቀሽ፣ አንድ ሽርፍ ብቻ አድርጊና ተይው» ይሏት ነበር። አልተወችም። ጫፉን አንድ፣ ጠርዙን ሁለት። አሁን የቆረጠቻቸውን ጆሮዎች አንድ በአንድ አየችና ቀጥ ብላ ቆመች።

«አሻግሬ» ብላ ተጣራች። «አፌ ነው እንጂ የተገዘተው፣ ፍየሎቼ አልተገዘቱም።»

አሻግሬ ይህን ባንዴ ሰማው። አጥሩን ተደግፎ ጥቂት አሰበበት። «እውነትሽን ነው» አለ። «ክርስትናም አልተነሡ።»

ሰኔ ሰባት ቀን ጠዋት ሦስት ፍየል መረጡ። አንዷ አሮጊቷ፣ ቀንዷ የተጣመመው፤ ሁለተኛው ወጠጤ፤ ሦስተኛዋ ባለፈው ወር የተወለደች፣ ምልክቷ ገና ጠርዙ ያልደረቀ ግልገል። ጥሩአየሁ የደረቷን ጥለት አስተካክላ ነጠላዋን ለበሰች። አሻግሬ ፍየሎቹን በገመድ አሰረ። ወደ አምደወርቅ ወረዱ።

አዳራሹ ሰው ሞልቶታል። ከፊት ባለው ጠረጴዛ ከባህልና ቱሪዝም የመጣችው እስከዳር ተቀምጣለች፤ ከደብረ ማርቆስ ተመድባ ሰቆጣ ከመጣች ሁለት ዓመቷ ነው፤ ፋይሏንና የቢሮዋን ማኅተም ፊቷ ደርድራለች። ከጎኗ አርባ አምስት ዓመት የሚሆናት ቀጭን ሴት አለች፣ በሱዳን ልብስ ተሸፍናለች። ከእግሯ ሥር ጠርዙ በቆርቆሮ የተለበጠ ሳንዱቅ አለ። ሴትዮዋ አንድ እጇን ሳንዱቁ ላይ አሳርፋለች፣ ከሰው መሀል ልጅ እንዳይጠፋበት እንደሚይዝ ሰው።

ጥሩአየሁ በሩ ላይ ቆማ ያቺን ሴት አየቻት። ግንባሯ የጥሩአየሁ እናት ግንባር ነው። የነጠላዋን ጫፍ አፏ ላይ ያዘች።

የትናየት ተነሥታ ተናገረች። አማርኛዋ የጠራ ነው፣ ግን ያረጀ፣ ከአርባ ዓመት በፊት ተጣጥፎ የተቀመጠ ዓይነት፤ አልፎ አልፎ ዓረብኛ ጣል ታደርግበታለች።

«አባቴ ሲያርፍ አራት ዓመቴ ነበር» አለች። «ያሳደገችኝ እናቴ ውባንቺ ናት። ካርቱም መንገድ ዳር ሻይ ትሸጥ ነበር። ቤታችን አንድ ክፍል ነው፤ ከአልጋው ሥር ይህ ሳንዱቅ፣ ከግድግዳው ላይ ቅጠሉ። በየዓመቱ አባቴ ባረፈበት ቀን ስደተኛው ሁሉ ይሰበሰባል፣ የእሱ ጽሑፍ ይነበባል፣ ልጆቹም ቅጠሉን በወረቀት እንስላለን። እኔ ጥልፍ ስለምችል በትራስ ላይ፣ በጠረጴዛ ልብስ ላይ ሳልጠልፈው የቀረሁበት ጨርቅ የለም። እናቴ ስትሞት ሳንዱቁን አደራ ብላኛለች። ዘንድሮ ካርቱም ስትቃጠል ሰው ወርቁን ይዞ ወጣ፣ እኔ ይህን ይዤ ወጣሁ። እስከ መተማ በጭነት መኪና ላይ ተቀምጬበት ነው የመጣሁት። ኸላስ፣ ይበቃል፣ ከእንግዲህ ቤቱ ይግባ ብዬ ነው።»

ሰው አጨበጨበ። እስከዳር ቀጥላ፣ በስደት የሚኖሩ አንድ ምሁር የጻፉትን የዓርማ ትርጉም አነበበች። የቅጠሉ ጫፍ ለሁለት መከፈሉ ገበሬውንና ወዝ አደሩን፣ በጠርዙ ያሉት ሁለት ሽርፎች ሁለቱን ጨቋኝ ሥርዓቶች ያመለክታሉ። ሽርፎቹ በግራ ጠርዝ መሆናቸው ደግሞ የድርጅቱን የግራ መስመር ያሳያል።

«ዋ» አለ አሻግሬ በሹክሹክታ። «አባትሽ ይህን ሁሉ ያውቅ ነበር?»

«ዝም በል።»

መጀመሪያ የተጠራው አቶ የሻምበል ነው፤ ከአምደወርቅ ዳር የሚኖር፣ ጋቢው እንደ በረዶ የነጣ፣ ንግግር የሚወድ ሽማግሌ። በእጁ አንድ ቅርጫት ቅጠል ይዟል።

«መልአኩ የአጎቴ ልጅ ነው» አለ። «እውነተኛ ስሙ ጸሐዩ ነው። በስድሳ ስምንት ዓመተ ምሕረት ከቤት ወጥቶ አልተመለሰም። ይህም ከደጃፋችን ያለ የዋንዛ ቅጠል ነው። ልጁ ከዚህ ዛፍ ሥር ነው ያደገ። እስቲ እዩት።» አንድ ቅጠል አውጥቶ ወደ ላይ ያዘ። በእውነትም ጫፉ ተሰንጥቋል፣ ጎኑም ተበልቷል።

«ጋሽ የሻምበል፣ ይህ እኮ ትል የበላው ነው» አለ አንድ ሰው ከኋላ።

«አዎ፣ ትል ነው። ትሉ ግን በየዓመቱ እዚያው ቦታ ላይ ነው የሚበላው።»

«ታዲያ ትሉም የድርጅቱ አባል ነበራ።»

አዳራሹ በሳቅ ተናወጠ። የሻምበል አልተቆጣም። ቅርጫቱን አቅፎ ተቀመጠ፣ ግን ዐይኑ ከሳንዱቁ ላይ አልተነሣም፤ የሚጠብቀው የጠፋ ዘመድ እንዳለው ሰው ነበር የሚያየው።

«ሌላ አለ?» አለች እስከዳር።

ጥሩአየሁ ባሏን ገፋችው። አሻግሬ ገመዱን ሳበ። ሦስቱ ፍየሎች በአዳራሹ መሀል ለመሀል ኮቴያቸውን ሲሚንቶው ላይ እያንቀጫቀጩ ወደ ጠረጴዛው ሄዱ። ወጠጤው በመንገዱ ላይ የአንድ ሰው ማመልከቻ በላ።

«እማማ፣ ፍየል እዚህ አይገባም» አለች እስከዳር።

«ምስክሮቿ ናቸው» አለ አሻግሬ።

«ምስክሮች? የታጋዩ ዘመድ ነን ነው የምትሉት?»

ጥሩአየሁ ዝም። አሻግሬም ዝም።

«አይደለንም ነው የምትሉት?»

ዝም።

«እንዴ፣ ለምን አትናገሩም?»

«አንችልም» አለ አሻግሬ።

«ለምን አትችሉም?»

«እሱንም አንችልም።»

ሰው ሊስቅ ሲል ጥሩአየሁ ጎንበስ ብላ የአሮጊቷን ፍየል የቀኝ ጆሮ በሁለት ጣቷ ያዘችና ወደ የትናየት ዘረጋችው።

የትናየት መጀመሪያ ያየችው አሮጊቷን ሴት ነው፣ ከዚያ ጆሮውን። ተነሣች። ጠረጴዛውን ዞራ መጥታ ሲሚንቶው ላይ ተንበረከከች። እጇ ከዐይኗ ቀደመ። ሠላሳ ዓመት በክርና በመርፌ የሄደችበት መንገድ ነው፤ ከጫፉ ስንጥቅ እስከ መጀመሪያው ሽርፍ፣ ከመጀመሪያው እስከ ሁለተኛው፣ ጣቷ ሳትፈልግ አገኛቸው። የወጠጤውን ያዘች፤ እሱም ያው። የግልገሏን ያዘች። ግልገሏ ልብሷን ማኘክ ጀመረች።

«ጆሮ ነው» አለች የትናየት ቀስ ብላ። «ቅጠል አይደለም።»

ያኔ የሻምበል ተነሣ።

«ይቅርታ ይደረግልኝ» አለ። «ነገሩ እንዲጠራ ብዬ ነው። ወረቀቱ ላይ ሽርፎቹ በግራ ጠርዝ ናቸው። ፍየሎቹ ላይ በቀኝ ነው። ግራ ጆሮና ቀኝ ጆሮ አንድ አይደለም። የፍየል ምልክት ያለው ሰው ሁሉ ያውቃል፤ በግራ የሚቆርጥ ሌላ ቤት ነው፣ በቀኝ የሚቆርጥ ሌላ። እማማ ጥሩአየሁ፣ አንቱ ራስዎ ያውቁታል። ተሳሳትኩ?»

አልተሳሳተም። ጥሩአየሁ ከወፍጮ ቤቱ ጀምሮ ስትፈራው የነበረ ነገር ነው። የሰው ፍየል ከሰው ፍየል የሚለየው በዚህ ነው፤ ሽማግሌዎች ስንት ክርክር የፈቱበት ነው። ከኋላ ያሉት ሽማግሌዎች «ልክ ነው» ሲሉ ሰማቻቸው። አፏን ብትከፍት ልትለው የምትችለው ነገር ነበር፤ ልጁ ግልገል ሲይዝ ያየችውን፣ አባቷ የቆረጠበትን ጆሮ። አፏ ግን የተዘጋ ነው። የፍየሏን ጆሮ ለቀቀች።

የትናየት ግን እንደተንበረከከች ወደ ሳንዱቁ ዞራ ነበር። ክዳኑን ከፈተች። የጽሕፈት መኪና፣ ደብተሮች፣ በገመድ የታሰሩ ወረቀቶች አነሣች። ከሥር በጨርቅ የተጠቀለለ አንድ ነገር አውጥታ ፈታችው። መዳፍ የሚያህል የወይራ እንጨት ነው፤ ፊቱ ላይ የደረቀ ጥቁር ቀለም አለ።

«አባቴ በእጁ የቀረጸው ማኅተም ነው» አለች። «የመጀመሪያዎቹ ወረቀቶች ሁሉ በዚህ ነው የታተሙት። ሌላው ሁሉ ከወረቀቶቹ ላይ ነው የተገለበጠው፤ የእኔም ጥልፍ።»

እንጨቱን ከፍየሏ ጆሮ አጠገብ ያዘችው። ጫፉ የተሰነጠቀ፣ ሁለት ሽርፍ፣ በቀኝ ጠርዝ።

እስከዳር እንጨቱን አየች፣ ፖስተሩን አየች፣ ከዚያ ፊቷ ያለውን የራሷን የቢሮ ማኅተም አንሥታ ሥሩን አየች። ሁለት ዓመት ሙሉ በየቀኑ ስትመታበት ኖራ ፊደሎቹ ተገልብጠው እንደተቀረጹ ልብ ብላ አይታው አታውቅም።

«ማኅተም ሲያርፍ ይገለበጣል» አለች። «እሱ ግን ሳይገለብጥ፣ እንደሚያውቀው አድርጎ ቀረጸው። ቀኝ ጆሮ ነው የቀረጸው። ግራ ሆኖ ታተመ።»

«ታዲያ የግራው መስመርስ?» አለ ቅድም ስለ ትሉ የተናገረው ሰውዬ።

እስከዳር የምሁሩን ጽሑፍ አጥፋ ፋይሉ ውስጥ ከተተችው። «እንግዲህ እሳቸው ብዙ ደክመውበታል» አለች።

ሳቁ ከአዳራሹ አልፎ ሲሰማ ውጭ ያሉት ሰዎች ምን ሆኑ ብለው በመስኮት አንገታቸውን አስገቡ። የሻምበል ሳይቀር ሳቀ። የትናየት ግን እየሳቀች እንባዋ ይወርዳል።

«እናቴን እንዲህ ብሏት ነበር» አለች። «ስሜን ብነግርሽ ወገኖቼን ያስገድላል። ቀን ሲወጣ ይህን ይዛችሁ ደሃና ውጡ፤ ያወቀው ሰው ቤቴ ነው። እኛ ደግሞ ዓላማውን ያወቀ ሕዝብ ማለቱ ነው ብለን በየዓመቱ እናብራራው ነበር። ፍየል ማለቱ ነው ብሎ ማን ያስባል?» ወደ ጥሩአየሁ ቀና አለች። «ለእሱ ምኑ ነዎት?»

ጥሩአየሁ ከንፈሯን ነክሳ፣ አልችልም እንደማለት ጭንቅላቷን ነቀነቀች። ያኔ ከመስኮቱ ዳር ተቀምጠው የነበሩት ቄስ ገብረ አምላክ ቀስ ብለው ተነሡ።

«እናቴ፣ ያን ቀን የመጡበት ቋጠሮ ይህ ነው?»

ጥሩአየሁ ዐይን ዐይናቸውን አየቻቸው።

«ሌላ ጊዜ ዝም ያለ ሰው አልፈታም» አሉ ቄሱ። «የዛሬው ዝምታ ግን ከብዙ ንግግር ይበልጥብኛል። አቶ አሻግሬ፣ እርስዎም ይቅረቡ። ዝም ማለትዎን አይቻለሁ።» መስቀላቸውን ከኪሳቸው አውጥተው በጨርቁ ጠረጉና በባልና ሚስቱ ግንባር ላይ አሳረፉ። «የገዘቱት አባት፣ ማንም ይሁኑ፣ ነፍሳቸውን ይማር። ጊዜው አልፏል። እግዚአብሔር ይፍታችሁ።»

ጥሩአየሁ መስቀሉን ተሳለመች። አፏን ከፈተች። ለአርባ አምስት ዓመት ያልተከፈተ በር እንደሆነ ሰው ሁሉ አይቶ ጠበቀ።

«በእውቀቱ» አለች። ድምፁ ለራሷም እንግዳ ሆነባት። ደገመችው። «በእውቀቱ ይባላል። ወንድሜ ነው። የእናቴም የአባቴም ልጅ። ግልገል ሲይዝ እጁ የማይጨክን፣ አባቴ ሲቆርጥ እሱ ዐይኑን የሚጨፍን። መልአኩ አይደለም፣ በእውቀቱ ነው።»

«በእውቀቱ» አለች የትናየት። ከዚያ ለራሷ ብቻ በሚሰማ ድምፅ፣ አዲስ ልብስ እንደሚለካ ሰው፣ «የትናየት በእውቀቱ» አለች። እስከ ዛሬ በመታወቂያዋም በስደተኛ ካርዷም ላይ የትናየት መልአኩ ነበረች። እንደገና ሞከረችው፤ ልኳ ነበር። አክስቷ አቅፋ ስታነሣት ግልገሏ መሀላቸው ተጨፍልቃ ጮኸች።

ሰዉ ሲረጋጋ ጥሩአየሁ የሻምበልን አየችው። ቅርጫቱን ይዞ ወደ በሩ እየሄደ ነበር።

«አንቱ የሻምበል» አለችው። «ወዴት ነው? የእርስዎስ የአጎት ልጅ?»

«የእኔማ የእኔ ነው» አለ። «አርባ ሰባት ዓመት ሆነው። ምናልባት መልአኩ እሱ ይሆን ብዬ ነው እንጂ፣ የእርስዎን ልወስድ አልነበረም።»

የትናየት ይህን ሰማች። «አባቴ አብረውት የነበሩትን ሁሉ በደብተር ጽፏል» አለች። «ጸሐዩ ነው ያሉኝ?» የላይኛውን ደብተር አንሥታ ስም ስሙን በጣቷ ተከተለች። አላገኘችም። «ገና ሰባት ደብተር አለ» አለችው። «ነገ ይምጡ፤ አብረን እናያለን።»

«እነማን ቤት?»

«አክስቴ ቤት» አለች የትናየት፣ የቃሉን ጣዕም እያጣጣመች።

የሻምበል ቅርጫቱን አስቀመጠና ወጠጤው ፊት ደፋው። ፍየሉ የነጻነቱን ቅጠል በደስታ በላ።

ከሰዓት በኋላ ሳንዱቁ አህያ ላይ ተጭኖ ወደ ደጋው ወጣ። እስከዳር ለቢሮው ሁለት ደብተር ፎቶ አንሥታ፣ ፖስተሩን ደግሞ በሚቀጥለው ሳምንት «በቀኝ በኩል አስተካክላ» እንደምታሳትም ቃል ገብታ ተሰናበተቻቸው። የትናየት ግልገሏን አቅፋ ከአህያው ኋላ ትሄዳለች። ጥሩአየሁ ከፊት ሆና በመንገድ ያገኘችውን ሁሉ ታስቆማለች። እንጨት የተሸከሙ ሴቶችን አስቆመች፣ ከገበያ የሚመለሱ ሰዎችን አስቆመች፣ የጤና ጣቢያዋን ነርስ አስቆመች። «ይቺ የወንድሜ ልጅ ናት» ትላለች። «የበእውቀቱ።» ሰዎቹ በእውቀቱ የሚባል ሰው ሰምተው አያውቁም፤ እንኳን ደስ አለዎት እያሉ ያልፋሉ።

ዳገቱ አጋማሽ ላይ ሲደርሱ መንገዱ ባዶ ሆነ፤ የሚነገረው ሰው ጠፋ። ጥሩአየሁ ወደ ባሏ ዞረች።

«በእውቀቱ ይህን ዳገት ባንድ ትንፋሽ ነበር የሚወጣው» አለችው።

«ማን?» አለ አሻግሬ፣ እጁን ጆሮው ላይ አድርጎ።

«በእውቀቱ።»

«አልሰማሁም።»

ጥሩአየሁ ቆም ብላ አየችው። ሰምቷል። ከአዳራሹ ጀምሮ ሁሉንም ሰምቷል፤ ፊቱ ላይ ያለው ፈገግታ ጆሮው የከበደ ሰው ፈገግታ አይደለም። እሷም አወቀችበት፣ እሱም እንዳወቀችበት አወቀ።

«በእውቀቱ» አለችው፣ ከፍ አድርጋ፣ ገደሉ መልሶ እንዲሰጣት።